ክትና አዘቦት

ካሜራው ተተክሎ፣ ድምፁ ተስተካክሎ ስንጠብቅ እማማ ነጭ ቀሚስ ለብሰው ከጓዳ ወጡ።

ቦታው ሽሮ ሜዳ ነው፤ ከእንጦጦ ግርጌ፣ የሸማኔዎች ሰፈር። ባለቤታቸው ከሽመና ጉድጓዳቸው አፍ ተቀምጠው፣ እግራቸውን ወደ ታች ሰድደው፣ መወርወሪያውን ከቀኝ ወደ ግራ፣ ከግራ ወደ ቀኝ ይልካሉ። እማማ ደግሞ በሩ ሥር ተቀምጠው፣ ብርሃኑ ከጎን እየመታቸው፣ ባዘቶ ይዘው እንዲፈትሉ ተስማምተን ነበር። ከሦስት ቀን በፊት ለትውውቅ ስሄድ ያየኋቸው እንደዚያ ነው። አመድማ ሹራብ፣ ጠርዙ የተበላ ነጠላ፣ በሻሽ የታሰረ ጸጉር፣ ከጣታቸው ሥር የምትሾር እንዝርት። ሌሊቱን ሙሉ ያንን ምስል ሳስብ ነው ያደርኩት። አሁን ከፊቴ የቆሙት ግን ጥለቱ እስከ ጉልበት የሚወጣ ቀሚስ የለበሱ፣ የጥምቀት ዕለት ሴት ናቸው።

«እማማ፣ እንደ ወትሮዎ ቢሆኑ ይሻላል» አልኳቸው።

«ይኼ አያምርም?»

«ያምራል። ግን የሥራ ቀን እንዲመስል ነው።»

ትንሽ አዩኝ። «እሺ ልጄ» ብለው ወደ ጓዳ ተመለሱና ሹራቡን ለብሰው መጡ። ባለቤታቸው መወርወሪያውን ሳያቆሙ በጋሞኛ አንድ ነገር አሏቸው። እማማ ምንም ሳይመልሱ ተቀመጡ፤ እንዝርቷም ትሾር ጀመር። ያ ቀረጻ በፊልሙ ውስጥ አለ። ያየው ሰው ሁሉ የሚያነሣልኝ እሱን ነው። እኔን ግን ዓመት ባለፈ ቁጥር እየከበደኝ የሄደው ያው ቀረጻ ነው።

አማርኛ ልብስን ለሁለት ይከፍላል፤ የክትና የአዘቦት። አዘቦት የሥራ ቀን ነው። የአዘቦት ልብስ ጭቃ ይነካዋል፣ ጭስ ይጠጣል፣ ሲቀደድ ይጣፋል። ክት ተከትቶ የሚቀመጥ ነው፤ ሣጥን ውስጥ ታጥፎ ዓመት በዓልን፣ ሠርግን ይጠብቃል። ሰው ፎቶ ቤት የሚሄደውም በክቱ ነው። አያቶቻችን በሕይወት ዘመናቸው ሁለቴ ወይም ሦስቴ ፎቶ ተነሥተው ይሆናል፤ ሁሉንም በክት። ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን የቤተሰብ ፎቶ አይቶ «ይኼ ውሸት ነው፤ እነዚህ ሰዎች ሁልጊዜ እንዲህ አይለብሱም» ያለ ሰው እስከ ዛሬ አላጋጠመኝም። ፎቶው ስለ ዘወትር ኑሯቸው እንደማይናገር ማንም ያውቃል። የሚናገረው ሰዎቹ ራሳቸውን ሰብስበው፣ እንዲታወቁበት በፈለጉት መልክ መቆማቸውን ነው።

የዘጋቢ ፊልም ሠሪ ሃይማኖቱ አዘቦት ነው። «ካሜራው እንደሌለ ቁጠሩት» እንላለን። ሰው ሳያውቅ ሲታይ እውነተኛ፣ አውቆ ሲታይ አስመሳይ ነው ብለን እናምናለን። ይህን እምነት ከየት እንዳገኘሁት ራሴን የጠየቅሁት ከዚያ ቀን በኋላ ነው። ስጠይቅም ሙያው ገና ከጅምሩ እምነቱን እንዳልጠበቀው አየሁ። ሮበርት ፍላኸርቲ በካናዳ ሰሜን፣ በሀድሰን ባሕረ ሰላጤ ዳርቻ ከኢኑዊት ሕዝብ ጋር ሆኖ የቀረጸው «ናኑክ ኦቭ ዘ ኖርዝ» እ.ኤ.አ. በ1922 ወጣ፤ ዘጋቢ ፊልም የሚባለው ነገር ታሪኩ ብዙ ጊዜ ከእሱ ይጀመራል። ናኑክ ተብሎ የቀረበው አዳኝ እውነተኛ ስሙ አላካሪያላክ ነበር። ሚስቱ ተብላ የቀረበችው ሚስቱ አልነበረችም። በዚያን ጊዜ ኢኑዊቶች በጠመንጃ ያድኑ ነበር፤ በፊልሙ ግን እንደ አባቶቻቸው በጦር እንዲያድኑ ተደረገ። የበረዶው ጎጆ ለካሜራው ስለጠበበና ስለጨለመ ግማሽ ጎኑ ክፍት የሆነ ጎጆ ተሠራ፤ ቤተሰቡም በብርዱ ውስጥ ልብሱን አውልቆ የሚተኛ መሰለ።

ፍላኸርቲን ለመክሰስ አይደለም ይህን የማነሣው። አብሯቸው ኖሯል፤ የቀረጸውን እዚያው አጥቦ እዚያው አሳይቷቸዋል፤ ይህን ብዙዎቻችን ዛሬም አናደርገውም። ያስደነገጠኝ ሌላ ነገር ነው። ያንን ሁሉ ያደረገው አዘቦትን አገኛለሁ ብሎ ነው። ጠመንጃውን አስቀምጦ ጦር ያስያዛቸው፣ እሱ በልቡ ለያዘው «እውነተኛ ኢኑዊት» የሚስማማው ልብስ ያ ስለሆነ ነው። እኔስ? እማማን ሹራብ ያስለበስኳቸው እኔ ነኝ። ሹራቡ የራሳቸው መሆኑ ነገሩን አይለውጠውም፤ የመረጥኩት እኔ ነኝ፤ የመረጥኩትም በልቤ ለያዝኳት «የሸማኔ ሚስት» እንዲስማማ ነው።

ከአርባ ዓመት ግድም በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1960 በጋ፣ ዣን ሩሽና ኤድጋር ሞራን ፓሪስ ውስጥ ሰዎችን ስለ ኑሯቸው እያነጋገሩ ቀረጹ። የቀረጹትንም ለሰዎቹ አሳይተው ያሉትን መልሰው ከፊልሙ ጨመሩት። ከተመልካቾቹ አንዳንዱ «ይኼ ሁሉ ማስመሰል ነው» አለ። ሌላው ደግሞ እውነት መሆኑ አሳፈረው፤ ሰው እንዲህ ገላውን አይገልጥም አለ። ሁለቱም ስለ አንድ ፊልም ነው የሚናገሩት። ሩሽ ከዚያ በፊት በምዕራብ አፍሪካ ብዙ ፊልም ሠርቶ ነበር፤ ሴኔጋላዊው ሴምቤን ኡስማን እ.ኤ.አ. በ1965 ፊት ለፊት ተገናኝተው ሲወያዩ፣ አፍሪካውያንን እንደ ነፍሳት ነው የምትመለከቱን ሲል ወቅሶታል። ወቀሳው እስከ ዛሬ ይጠቀሳል። እኔ ግን ሳነበው «ተመልካቹ ፈረንጅ፣ ታዪው እኛ» ብዬ ብዙ ዓመት ተጽናንቼበታለሁ። አገሬ ነው፣ ቋንቋዬ ነው፣ እኔን አይመለከተኝም ብዬ።

ስለ «እሺ» ልናገር። የፈቃድ ወረቀት ይዤ ሄጄ ነበር፤ እማማ በአውራ ጣታቸው ፈርመዋል። ወረቀቱ ዛሬም አለ። ነገር ግን እንግዳ ደጃፍ ቆሞ፣ ቡና ቀርቦለት፣ «ይፈቅዱልኛል?» ሲል እምቢ የሚል አፍ ከየት ይመጣል? ይሉኝታ አለ። የቤት እመቤት እንግዳ አታሳፍርም። ስለዚህ «እሺ» አንዳንዴ «ደስ ይለኛል» ነው፣ አንዳንዴ «ምን ይደረግ» ነው፣ አንዳንዴም «ቶሎ ጨርሶ ይሂድልኝ» ነው። ሦስቱም በወረቀት ላይ አንድ ዓይነት የጣት አሻራ ናቸው።

ቆይቼ አንድ ነገር አስተዋልሁ። በእውነት የፈቀደ ሰው ይጠይቃል። «የት ነው የምታሳየው?» ይላል። «ማን ያየዋል? ይሸጣል ወይ?» ይላል። የሚጠይቅ ሰው እየወሰነ ነው፤ ዝም ብሎ እሺ ያለ ሰው እንግዳ እያስተናገደ ነው። እማማ አንድም ነገር አልጠየቁኝም። የእኛ ሰው ለዚህ መላ ያጣ አልነበረም። ልጅ ለመጠየቅ ሽማግሌ የሚላከው ለምንድን ነው? ያልፈለገ ወገን የማንንም ፊት ሳይሰብር እንዲመልስ አይደለም? አሁን እኔም አንድ ቤት ለመቅረጽ ስፈልግ ራሴ አልሄድም፤ ሰፈሩ የሚያከብረውን ሰው እልካለሁ፤ መልሱንም ሳምንት ሁለት ሳምንት እጠብቃለሁ። እምቢ የሚለው ሰው ቁጥር በዛ። እሺ ያሉኝ ግን ካሜራዬን ሲያዩ ፊታቸው ሌላ ነው።

ፊልሙ አልቆ ከተማ መሃል አንድ አዳራሽ ውስጥ ታየ። እማማና ባለቤታቸው አልነበሩም። መጥራት እንደሚገባኝ አላሰብኩም ነበር፤ ይህን ስጽፍ ዛሬም ፊቴ ይግላል። ተመልካቹ ሲበተን አንድ ወጣት ወደ እኔ መጣና «አባባ የተናገሩትን ለምን አልተረጎምከውም?» አለኝ።

«የቱን?»

«ሹራቡን ለብሰው ሲመጡ የተናገሩትን።»

በፊልሙ ውስጥ ጋሞኛ የሚነገርባቸው ቦታዎች ብዙ ናቸው። ለእኔ ጥያቄ ያልመለሰውን ሁሉ የቤት ድምፅ አድርጌ ነበር የተውኩት፤ ከመወርወሪያው ኳኳታና ከዶሮው ጩኸት ጋር። ወጣቱ ተረጎመልኝ። አባባ ያሉት ይህንን ነው፦ «ይኼን ለብሰሽ ልጅቷ ብታይሽ፣ የላክሁት ሁሉ የት ገባ አትልም?»

በሳምንቱ ሽሮ ሜዳ ወጣሁ። ልጃቸው ቤይሩት ሰው ቤት ትሠራለች። መጀመሪያ በላከችው ገንዘብ ድርና ማግ፣ የጥለት ክር ተገዛ። አባባ ቀን ለነጋዴ ሲሠሩ ውለው፣ ማታ ማታ ለእማማ ያንን ቀሚስ ሸመኑ። ፊልም ሊቀረጽ ነው ሲባል ሁለቱም ያሰቡት አንድ ነገር ነው፦ ፊልም ውጭ አገር ይሄዳል፤ ልጅቷ ታየዋለች። እማማ የለበሱት ለእኔ አልነበረም። ለልጃቸው ደብዳቤ ሊጽፉ ነበር፤ እኔ ቀለሙን ነጠቅኋቸው።

ስለ ሸማኔዎች ፊልም ሠራሁ። አባባ ለገዛ ቤታቸው የሸመኑት፣ ምናልባትም በዚያ ቤት ውስጥ ከሁሉ የሚበልጥ ታሪክ ያለው ጨርቅ፣ ከፊቴ ቆሞ «አያምርም?» ሲለኝ ወደ ጓዳ መለስኩት። ስደት እዚያ ቀሚስ ላይ ነበር፤ ፍቅርም፣ የሦስት ሰው ድካምም። አዘቦቱ ያልያዘውን እውነት የያዘው ክቱ ነበር። ተመልካች ደግሞ ፊልሙን አይቶ ሲወጣ «ሰው ሲያለብሱ እነሱ ታርዘው» እያለ ነው የወጣው፤ ይህን በጆሮዬ ሰምቻለሁ፤ ስሰማም ደስ ብሎኝ ነበር።

እንዲህ ያለ ነገር ከአንድ ቤት ወጥቶ የአገር ሲሆን ምን እንደሚመስል እናውቀዋለን። በጥቅምት 1966 ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ቀርጾ በብሪታንያ ቴሌቪዥን አሳየ። መንግሥት ሊሸፍነው የፈለገው ዕልቂት ነበርና ዓለም ደነገጠ፤ እርዳታም ተሰበሰበ። ዓመት ሳይሞላ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ፣ ያው ፊልም በአዲስ አበባ ቴሌቪዥን ታየ። አሁን ግን ከቤተ መንግሥቱ ድግስ ጋር እየተቆራረጠ ተቀጥሎ ነበር። በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ከዙፋን ወረዱ። የወሎ ገበሬ ፊት አንዴ ለእርዳታ፣ አንዴ ለአብዮት ዋለ። ገበሬው ሁለቱንም ጊዜ አልተጠየቀም። በ1977 ደግሞ፣ ደርግ የአብዮቱን አሥረኛ ዓመት በአደባባይ ባከበረ ማግስት፣ ኬንያዊው መሐመድ አሚንና የቢቢሲው ማይክል በርክ ከኮረም ይዘውት የወጡት የረሃብ ምስል ጥቅምት 13 ቀን ታየ። ሐምሌ ላይ ላይቭ ኤይድ በተባለው የእርዳታ ኮንሰርት መድረክ የረሃብተኞቻችን ምስል በዘፈን ታጅቦ ለዓለም ቀረበ።

በመሐመድ አሚን ላይ በቀላሉ ልናገር አልችልም። በ1983 አዲስ አበባ ውስጥ የጥይት መጋዘን ሲፈነዳ ክንዱን ያጣ ሰው ነው፤ በሰው ሠራሽ ክንድ ካሜራውን መልሶ ያነሣ ሰው ነው፤ በ1989 ኮሞሮስ አጠገብ ባሕር ላይ በወደቀው የኢትዮጵያ አውሮፕላን ውስጥ ነው ያረፈው። እሱ ባይቀርጽ ስንት ሰው በዝምታ ያልቅ ነበር? ገመና ይሸፈን ብሎ ካሜራውን የሚከለክል ሁሉ ይህን ጥያቄ መመለስ አለበት።

ሆኖም ገመና የሚለውን ቃል መጣል አልፈልግም። በእኛ ቤት የሚበላ ሰው አይታይም። ባላባት ሲበላ መጋረጃ ይጣልለት ነበር፤ ድሃም በነጠላው ፊቱን ከለል ያደርጋል፤ ምግብ ላይ የሚቆይ ዓይን ክፉ ነውና። አሁን የዚህን አገር ሰው፣ በሕይወቱ ሲበላ ሰው እንዳያየው ከለል ሲያደርግ የኖረውን፣ ከእርዳታ ሰልፍ ቆሞ አንድ እፍኝ ቆሎ ወደ አፉ ሲያደርስ በቅርብ ቅረጹት። ምስሉ ለፈረንጅ ተመልካች ረሃብን ብቻ ይነግረዋል። ያ ሰው ግን ከረሃቡ ሌላ አንድ ተጨማሪ ነገር ተወስዶበታል፤ ምን እንደሆነም ከእኛ በቀር የሚያውቅ የለም። ከአገር ውጭ ያደገ ኢትዮጵያዊ ልጅ ትምህርት ቤት ውስጥ በዚያ ምስል ተሰድቦ ወደ ቤቱ ሲመለስ ወላጆቹ የሚያጡት መልስም እሱው ነው።

ብዙ ካወጣሁ ካወረድሁ በኋላ አንድ ጥያቄ ላይ ቆምኩ፦ ገመናው የማን ነው? በ1966ም በ1977ም መንግሥት «ገመናችን» ያለው የገበሬውን ሞት ነበር። ሞቱ የገበሬው፣ እፍረቱ ግን የሹማምንቱ ነው፤ የተሸፈነውም እፍረቱ ነው። እንዲህ ያለውን መጋረጃ መቅደድ ተገቢ ነው። የተራበችዋ እናት ራሷ ነጠላዋን ወደ ፊቷ ስትስብ ግን ሌላ ነው። ያ መጋረጃ የእሷ ነው። ካሜራ ያዥ እነዚህን ሁለት መጋረጃዎች ለመለየት የሚረዳው መሣሪያ የለውም፤ በስፍራው ቆይቶ ማን ምን እንደሚደብቅና ከማን እንደሚደብቅ ማወቅ አለበት። ሳሌም መኩሪያ «የወንዝ ማዕበል» በሚለው ፊልሟ የጠፋ ወንድሟንና የተገደለች ጓደኛዋን ይዛ በአብዮቱ ዘመን ውስጥ ስታልፍ፣ የከፈተችው ሣጥን የራሷ ነበር። ጄሲካ በሽር ያደገችበት ሐረር ተመልሳ «ፋያ ዳይ»ን ለመጨረስ አሥር ዓመት ፈጅቶባታል፤ ፊልሙ እ.ኤ.አ. በ2021 ሲወጣ ጫትንና የወጣቶቹን የስደት ሐሳብ እንደ ጭስ አቀለለው እንጂ እንደ መርማሪ አልበረበረውም። አሥር ዓመት ለአንድ ፊልም ረጅም ነው፤ ሰው ጋ ለመግባት ግን አይመስለኝም።

ቀስ ብሎ የገባኝ ሌላ ጥፋት የቋንቋ ነው። ፊት ለፊት ስንነጋገር እማማ «እርስዎ» ነበሩ። የፊልሙን ትረካ ስጽፍ ግን «ማለዳ ተነሥታ ትፈትላለች፤ እንጨት ትሸከማለች» ብዬ ነው የጻፍኩት። ማንም አላረመኝም፤ አንባቢውም ድምፅ ቀጂውም። በዚያው ፊልም አንድ የወረዳ ኃላፊ «ገልጸዋል፣ አስረድተዋል» ነበሩ። ወደ እንግሊዝኛ ሲተረጎም ልዩነቱ ጠፋ፤ ስለዚህ የውጭ ተመልካች በደሉን አላየውም። የአማርኛ ተመልካች ሰማው፤ እኔ እንደምሰማው ሁሉ ለምዶት አለፈው። በቴሌቪዥናችን የሚታይ ድሃ ስንት ዓመት ቢኖር «አንቱ» የሚባልበት ዕድሜ አይደርስም። ትረካውን እንደገና ቀዳሁት። «ይፈትላሉ» ሲባል ምስሉ ራሱ ቀና ይላል፤ ይህን ያልሞከረ ሰው ይሞክረው።

ካለፈው ጥር ወዲያ ትንሿን ካሜራ ይዤ ተመልሼ ሄድሁ። አስቀድሞ ያ ወጣት ሄዶ ጠይቆልኛል፤ እማማም በዚህ ጊዜ ጠይቀዋል። «የት ይታያል?» ብለዋል፤ «ልጄ ብቻዋን ልታየው ትችላለች?» ብለዋል።

«የት ላስቁምዎት?» አልኳቸው ስደርስ።

«ቆይ ልልበስ።»

ቆየሁ። ጎረቤት ተጠርታ ጸጉራቸውን ስትሠራቸው፣ ሣጥኑ ሲከፈት፣ ቀሚሱ ሲራገፍ፣ ካሜራዬ ጉልበቴ ላይ ተዘግቶ ነበር። አባባ ከጉድጓዳቸው ወጥተው ከኮታቸው ላይ የጥጥ ብናኝ አራገፉ። እማማ ቦታውን ራሳቸው መረጡ፤ ያንን የጎን ብርሃን ትተው ከበሩ ፊት፣ ፀሐይዋን ፊት ለፊት ተቀብለው። እጃቸውን ወደ ታች አድርገው፣ ጥለቱን ቀጥ አድርገው ቆሙ። በቤተ ክርስቲያን ሥዕሎቻችን ጻድቅ ሁለት ዓይን፣ ኃጥእ አንድ ዓይን ይሰጠዋል። በፊልሜ ውስጥ እማማ አንድ ዓይን ነው ያላቸው፤ ከጎን ነበር ያነሣኋቸው። አሁን ሁለቱም ዓይኖቻቸው ሌንሱ ውስጥ ገቡ።

ቆመው ዝም አሉ። እኔም ዝም አልኩ። ዶሮ አልፎ ሄደ። ከዚያ በጋሞኛ ሁለት ዓረፍተ ነገር የሚያህል ተናገሩና አፋቸውን በነጠላቸው ሸፈኑ።

ያሉትን አላስተረጎምሁም። ወጣቱ እዚያው ደጃፍ ቆሞ በስልኩ ወደ ቤይሩት ላከው፤ አባባም ወደ ጉድጓዳቸው ወረዱ።